ደብዳቤው ደርሷል

ከደሴ የተሳፈርንበት አውቶቡስ ጉጉፍቱ ላይ ጉም ዋጠው። ሹፌሩ መብራት አብርቶ በዳበሳ ሲነዳ፣ ከጎኔ የተቀመጡት እናት ጋቢያቸውን ጥብቅ አድርገው «ምናለ ዓይንን ጨፈን አድርጎ እቤት መገኘት ቢኖር!» አሉ። ሳቄ መጣ፤ ጉልበቴ ላይ የነበረው ልቦለድ የሚያወራው ስለዚሁ ነበር። አቀስታን አልፈን መካነ ሰላም ስገባ ከሰዓት ሆኗል። አጎቴ ቤት ቡናው ቶና ላይ ደርሶ ጠበቀኝ።

አጎቴ ዕድሜያቸውን በስልክ ቤት የጨረሱ ሰው ናቸው። ማዞሪያ ላይ ተቀምጠው ሰውን ከሰው ሲያገናኙ ኖረው ጡረታ ወጡ። ሳሎናቸው ውስጥ፣ ከቴሌቪዥኑ አጠገብ፣ እጀታው የሚዞር ጥቁር ስልክ ዛሬም አለ፤ ከምንም ጋር አልተገናኘም። እኔ ፊዚክስ አስተምራለሁ። የተባባልነውን እንዳስታወስኩት ጽፌዋለሁ፤ የዘመድ ወሬውን ብቻ ቀንሻለሁ።

ጋሼ፦ ይሄን ነው መንገዱን ሙሉ ስታነቢ የመጣሽው? ምን ይላል?

እኔ፦ አንሲብል ስለሚባል መሣሪያ ነው። አሜሪካዊቷ ደራሲ ኧርሱላ ለጊን እ.ኤ.አ. በ1966 በወጣ ልቦለዷ የፈጠረችው ነገር ነው። አንዱ ዓለም ላይ የጻፉት ቃል በዚያችው ቅጽበት ከከዋክብት ወዲያ ሌላ ዓለም ላይ ይነበባል። ሰው ግን እንደ ቃሉ አይሻገርም። ሰው በመርከብ ነው የሚሄደው፤ ዓመታት ይፈጅበታል።

ጋሼ፦ እኛም እንደዚያው ነበርን እኮ። ጅዳ ያለች ልጅ ድምጿ እዚህ ይገባል፤ እሷ ስድስት ዓመት አትመጣም። ስሙን ምን አልሽኝ?

እኔ፦ አንሲብል። «መልስ የሚገኝበት» ከሚል የእንግሊዝኛ ቃል ነው ያወጣችው ይባላል። መልእክት የላከ ሰው በዕድሜው መልሱን እንዲያገኝ ነው ሐሳቡ።

ጋሼ፦ ይቺ ሴት ስልክ ቤት ሠርታለች እንዴ?

እኔ፦ ምነው ጋሼ?

ጋሼ፦ ሥራውን የሚያውቅ ሰው ያወጣው ስም ነዋ! እኛ «ስልክ» ያልነው ከዐረብኛው ነው፤ ሽቦ ማለት ነው። ያየነው ሽቦውን ነበር፣ በሽቦው ጠራነው። እሷ ግን ወዲያ ማዶ ያለውን ሰው አየች። ነይ፣ ይሄን እጀታ አዙሪው። እዚህ ውስጥ ማግኔት አለ፤ ስታዞሪው ኤሌክትሪክ ያመነጫል፣ ማዶ ያለው ደወል ይጮኻል። መብራት ኖረ አልኖረ ግድ የለውም፤ ለድምፁ ባትሪ ድንጋይ ይበቃዋል። ያንቺ ድርሻ እዚህ ላይ አለቀ። ከዚያ በኋላ ያለው ማዶ ያለው ሰው ካነሣ ነው።

እኔ፦ የማያነሣም ነበር?

ጋሼ፦ ከውጭ አገር የሚደውል ሰው ቀድሞ ቀን ያስይዝ ነበር። እኛ ወረቀት እንልካለን፤ በዚህ ቀን፣ በዚህ ሰዓት ስልክ ቤት ተገኝ የሚል። ወረቀቱ በገበያተኛ እጅ ቆላ ይወርዳል። አንድ ጊዜ አንዲት እናት ከአባይ በረሃ አፋፍ ሌሊቱን ተጉዘው መጡ። በቅል ቅቤ ይዘዋል። ለማን እንደሆነ እስከ ዛሬ አልገባኝም፤ በስልክ ቅቤ አይላክ። ሰዓቱ ደረሰ፣ አለፈ። ስንዘጋ ነው ከአግዳሚው የተነሡት። በማግሥቱም መጡ። በሦስተኛው ቀን «እማማ፣ መስመሩ ተበላሽቶ ነው» አልኳቸው።

እኔ፦ ተበላሽቶ ነበር?

ጋሼ፦ ደኅና ነበር። ጠዋት ሞክሬዋለሁ። ልጅየው ነው ያልደወለው። ሽቦው ላይ አሳበብኩ፤ ሽቦ አይቀየምም።

ሁለታችንም ትንሽ ዝም አልን። ከዚያ ወሬውን ያስቀየርኩት እኔ ነኝ፤ ስለ አውቶቡሷ እናት ምኞት አነሣሁባቸው።

ጋሼ፦ ዓይን ጨፍኖ መገኘት አዲስ ነገር ነው እንዴ? ፊልጶስን ረሳሽው? ጃንደረባው የእኛ ሰው ነው፣ የሕንደኬ ሹም። በሠረገላው ተቀምጦ ኢሳይያስን ሲያነብ ፊልጶስ ደረሰበት፣ ተረጎመለት፣ አጠመቀው። ከውኃው ሲወጡ የጌታ መንፈስ ፊልጶስን ነጠቀው፤ አዛጦን ላይ ተገኘ። ኢትዮጵያዊው ታዲያ በምን አገሩ ገባ መሰለሽ? በዚያችው በሠረገላው። ደስ እያለው።

እኔ፦ ጎረቤቶቻችን ደግሞ የቢልቂስ ዙፋን አላቸው። ቁርኣን ውስጥ፣ አን-ነምል ምዕራፍ ላይ ነው። ሱለይማን ዙፋኗን የሚያመጣልኝ ማን ነው ሲል ዒፍሪት የሚባለው ጂኒ «ከመቀመጫህ ሳትነሣ አመጣልሃለሁ» አለ። ከመጽሐፉ ዕውቀት ያለው ሌላው ግን ዓይኑ እስኪርገበገብ እንኳ አላስጠበቀውም። ክብረ ነገሥት ላይም አለ፤ ታቦተ ጽዮንን የያዙት ሠረገሎች ከመሬት ክንድ ያህል ከፍ ብለው የ13 ቀኑን መንገድ በአንድ ቀን ጨረሱት ይላል።

ጋሼ፦ ቢልቂስና ሳባ እኮ አንድ ሴት ናቸው። ዙፋኗ በዓይን ጥቅሻ ደረሰ፤ እሷ ራሷ ግን በግመል ነው የሄደችው። ባንቺ መጽሐፍም ቃሉ ቀድሞ ሰውየው ኋላ ይመጣል አልሽኝ። እዚህ ገደል አፋፍ የሚኖር ሰው ይሄ አይገርመውም። ማዶ ለማዶ ተጣርተሽ ላም እንደጠፋች፣ ሰው እንደታመመ ትነጋገሪያለሽ። ቃሉ ለመድረስ አንድ ትንፋሽ። ያን ሰው ለመጨበጥ ግን ወርደሽ፣ ወንዙን ተሻግረሽ፣ ዳገቱን ወጥተሽ ነው፤ ቀኑ ይመሻል።

እኔ፦ ፊዚክስ ደግሞ ለቃሉም ድንበር አበጅቶለታል። ማንኛውም መልእክት ከብርሃን አይቀድምም፤ በሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ገደማ። ማርስ ላይ ላለ ሰው «ሃሎ» ብንለው፣ እንደ ርቀቷ ከ3 እስከ 22 ደቂቃ ድረስ ይፈጃል፤ መድረሱ ብቻ። ከፀሐይ ቀጥሎ ቅርባችን ወደሆነው ኮከብ፣ ወደ ፕሮክሲማ ሴንታውሪ፣ ከ4 ዓመት በላይ።

ጋሼ፦ ሬዲዮ ላይ የሰማሁትስ? ሁለት ነገር ተጠላልፎ፣ አንዱን ሲነኩት ሌላው እዚያ ማዶ ያውቃል የሚሉት?

እኔ፦ እሱ እውነት ነው፣ ግን ወሬ አይሸከምም። እርስዎ እዚህ ሳንቲም ሲወረውሩ ደሴ ያለውም ሳንቲም ያንኑ አወጣ እንበል። ዘውድ ይሁን ጎፈር ማዘዝ ግን አይችሉም። ያላዘዙት ነገር እንዴት መልእክት ይሆናል? እ.ኤ.አ. በ2017 የቻይና ሳይንቲስቶች የብርሃን ቅንጣትን ሁኔታ እስከ 1,400 ኪሎ ሜትር ርቃ ወደምትገኝ ሳተላይት አዛወሩ። የዓለም ጋዜጣ ሁሉ ጮኸ። ዝውውሩ ግን የሚጠናቀቀው በተለመደው መንገድ የሚላክ ሌላ መረጃ ሲደርስ ነው፤ ያ ደግሞ ከብርሃን አይፈጥንም። እዚህ የነበረው የመጀመሪያው ሁኔታም ይጠፋል።

ጋሼ፦ ከቴሌግራም ይለያል በይኛ። ቴሌግራም ሲላክ ወረቀቱ እኔ ጋ ይቀራል፤ የሚሄደው ጽሑፉ ነው። ሰውን እንደዚያ ብትልኪው እዚህም አንድ፣ እዚያም አንድ ሊሆን ነው።

እኔ፦ በኳንተሙ ሕግ የዚህኛው ይፈርሳል፣ የዚያኛው ይቆማል። ለሰው ግን አይታሰብም። በአንድ ሰው ገላ ውስጥ 7 ቢሊዮን ቢሊዮን ቢሊዮን ያህል አተም አለ።

ጋሼ፦ ተዪኝ፣ እኔ በአውቶቡሱ እመጣለሁ።

እኔ፦ ለነገሩ ምድር ላይ ላለ ሰው አንሲብል አያስፈልገውም። ብርሃን በአንድ ሰከንድ ምድርን ከሰባት ጊዜ በላይ ይዞራል። ከዚህ ለንደን 6,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሆን ነው፤ የሰከንድ አንድ ሃምሳኛ። ይሄ ለአፄ ቴዎድሮስ በዚያን ጊዜ ኖሮ ቢሆን፣ እዚሁ ደጋችን ላይ፣ መቅደላ ያ ሁሉ ሰው አይሞትም ነበር።

ጋሼ ሲኒያቸውን አስቀመጡ። የቆሎውን ሳህን ወደ ራሳቸው ሳቡት።

ጋሼ፦ አይ አንቺ ልጅ። ቁጠሪ። ጥቅምት 1855 ዓ.ም. ላይ ንጉሡ ለንግሥት ቪክቶሪያ ጻፉ። ቱርኮች አላስቀምጥ አሉኝ፣ መልእክተኞች ልልክ እፈልጋለሁና በሰላም የሚያልፉበትን መንገድ አመቻቹልኝ ነው ነገሩ። ደብዳቤውን ለእንግሊዙ ቆንስል ለካሜሮን ሰጡት። ለንደን የገባው መቼ ነው?

እኔ፦ በዚያው ዓመት፣ የካቲት ላይ።

ጋሼ፦ ሦስት ወር ተኩል። የሱዌዝ ቦይ ገና አልተከፈተም። ምፅዋ ድረስ በእግርና በበቅሎ፣ ከዚያ በመርከብ። ምን ይወጣለታል? ደብዳቤው ደርሷል! ከዚያ ከቢሮ ቢሮ ዞረ፣ መልስ ሳይጻፍለት ተቀመጠ። ካሜሮን ባዶ እጁን ተመለሰ። በ1856 ታሰረ። መልሱ የተጻፈው እሱ ከታሰረ በኋላ፣ ግንቦት ላይ ነው። ምፅዋ እስኪደርስ ሁለት ወር በይ። ይዞት የመጣው ሆርሙዝድ ራሳም ለመግባት ፈቃድ ጠየቀ፤ ያኔ ደግሞ ዝም ያሉት ንጉሡ ናቸው። ከዓመት በላይ ምፅዋ ላይ አስቀመጡት። በመጨረሻ ፈቀዱለት፤ ሦስት ወር ተኩል ተጉዞ ጥር 1858 ላይ ዳሞት አገኛቸው።

እየተናገሩ ረከቦቱ ላይ ቆሎ ደርድረዋል። ለአንድ ወር አንድ ፍሬ፤ 39 ሆነ።

ጋሼ፦ የመንገዱን ለይ። ሦስት ተኩል፣ ሁለት፣ ሦስት ተኩል። ስንት ነው?

እኔ፦ ዘጠኝ።

ጋሼ፦ እነዚህን ነው አንሲብልሽ የሚበላልሽ። (ዘጠኙን ፍሬ ዘግነው ቃሙት።) የቀረውን እይ። 30 ወር። ይሄ ሩቅነት አይደለም ልጄ፣ ዝምታ ነው። ፊዚክስሽ ለዚህ ምን አለው?

መልስ አጣሁ ብል ውሸት ነው፤ ነበረኝ።

እኔ፦ አንድ ነገር ረስተዋል። ንጉሡ ደብዳቤው ጠፍቶ ይሁን ተንቆ አላወቁም። ያቺ አለማወቅ ናት ያበገነቻቸው። ፈጣን መስመር ቢኖር «ደርሷል ወይ?» ብለው በማግሥቱ ይጠይቁ ነበር። ዝምታውም ቢሆን ምን ዓይነት ዝምታ እንደሆነ ይታወቅ ነበር።

ጋሼ፦ እሱስ እውነትሽን ነው። ግን እኒያን ባለ ቅቤዋን እናት መስመሩ ደኅና ነው ብያቸው ቢሆን ኖሮ ይሻላቸው ነበር ትያለሽ?

እኔ፦ …

ጋሼ፦ ደግሞስ ለቅርብ ሰው መቼ ሆነ? የእንግሊዝ ጦር እስረኞቹን ሊያስለቅቅ መጣና የስቅለት ዕለት አሮጌ ላይ ተዋጉ። ቅዳሜ ሁለቱ ሰፈሮች ይተያያሉ፤ መልእክት ደርሶ ለመመለስ ሰዓታት ይበቃዋል። ንጉሡ ሰው ላኩ፣ የጦሩ አዛዥ ናፒየር ለንግሥቲቱ እጅዎን ይስጡ ብሎ ጻፈ። ንጉሡ በንዴት መለሱለት፤ ራሳቸውን ሊገድሉ ሽጉጥ ሲያነሡ መኳንንቱ ያዟቸው። ደግሞ ተመለሱና እስረኞቹን ለቀቁ። የፋሲካ ዕለት ላምና በግ ሰደዱለት። በእኛ አገር ሙክት የተቀበለ ሰው ታርቋል። ስጦታህን ተቀብሏል ተባሉ፣ ደስ አላቸው። ናፒየር ግን ነገሩ ሲገባው መለሰው። በቅርብ ርቀት፣ በአስተርጓሚ፣ በቀን ብርሃን የተደረገ ነው ይሄ ሁሉ። በማግሥቱ ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ሆነ።

እኔ፦ ጦሩ ግን መስመር ነበረው። ከሕንድ 44 ዝሆን ጭኖ፣ ዙላ ላይ ሐዲድ ዘርግቶ፣ የቴሌግራፍ ሽቦውን ወደ ደጋው እየጎተተ ነው የመጣው።

ጋሼ፦ አየሽ፤ ለመልስ ያልተዘረጋ ሽቦ ለጦር ተዘረጋ። ያንን ጋዜጠኛ ታውቂዋለሽ?

እኔ፦ ሄንሪ ስታንሊን? የ«ኒውዮርክ ሄራልድ»ን?

ጋሼ፦ እሱን። ሲመጣ ሱዌዝ ላይ የቴሌግራፉን ሹም በገንዘብ ይዞት ነበር፤ የእኔ ወሬ ይቅደም ብሎ። መቅደላ ወደቀች፣ የእሱ ወሬ ቀድሞ ሄደ። ከዚያ በእስክንድርያና በማልታ መካከል ያለው የባሕር ሽቦ ተበጠሰልሽ! የሌላው ሁሉ ዘገባ፣ የጦሩም ጭምር፣ ቆሞ ቀረ። የእንግሊዝ መንግሥት የራሱን ጦር ድል ከአሜሪካ ጋዜጣ ሰማ። የስልክ ቤት ሰው ጉቦ ሲበላ ጥንትም ነበር፤ እንዳትስቂ።

ሳቅሁ። ከዚህ ደጋ ተነሥቶ በሽቦ ዓለምን የዞረው ወሬ የንጉሥ ሞት መሆኑ ትዝ ሲለኝ ግን ሳቄን ሰበሰብኩ።

እኔ፦ በጎውንም ያንሡ እንጂ። እ.ኤ.አ. በ1962 በኩባ ሚሳይል ምክንያት አሜሪካና ሶቪየት ኅብረት ዓለምን ሊያጠፉ ደረሱ። በዓመቱ ዋሽንግተንና ሞስኮ ቀጥታ መስመር አበጁ። ፊልም ላይ ቀይ ስልክ ነው የሚያሳዩን፤ እውነተኛው ግን በጽሑፍ የሚላላኩበት ቴሌታይፕ ነበር።

ጋሼ፦ ድምፅ እያለ ጽሑፍ ለምን?

እኔ፦ በችኮላ የተባለ ቃል ያሳስታል፣ ትርጉሙም ይዛባል ብለው። ጽሑፍ ሲሆን አንብቦ ለማሰብ ጊዜ ይሰጣል።

ጋሼ፦ «ነገሩ ይደር» ማለታቸው ነው! የእኛ ሽማግሌዎች ደም ያለበትን ነገር በአንድ ቀን ጨርሰው ያውቃሉ? ያሳድሩታል፣ ይቀጥሩታል፣ ዛፍ ሥር ይመላለሱበታል። የሚመላለሱት መልስ ይዘው ነው ታዲያ። ማሳደርና ዝም ማለት ለየቅል ነው። የለንደኖቹ ነገሩን አላሳደሩትም፤ ረሱት።

በረካው ቀረበ። ውጭ መንገዱ ላይ ባጃጅ ጡሩንባውን እየነፋ አለፈ።

እኔ፦ እኛስ ጋሼ? በ2015 ማብቂያ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ እኔ አዲስ አበባ፣ እርስዎ እዚህ። ማርስ ከእርስዎ የቀረበች ትመስለኝ ነበር። እሷስ ብትርቅ ብትርቅ 22 ደቂቃ ናት።

ጋሼ፦ እኔ ግን ወረቀት ልኬልሽ ነበር። በመንገደኛ እጅ።

እኔ፦ ደርሶኛል።

ጋሼ፦ በስንት ቀን?

እኔ፦ በአሥረኛው።

ጋሼ፦ አሥር ቀን። ጎበዝ ወረቀት። መልሱ ግን እስካሁን መንገድ ላይ ነው መሰለኝ።

እኔ፦ ኢንተርኔቱ ዛሬ ነገ ይለቀቃል ብዬ… በስልክ ልጽፍልዎ…

ምንም አላሉኝም። ረከቦቱ ላይ ከቀሩት ሠላሳ ፍሬዎች አንዷን በጣታቸው ገፋ አድርገው ወደ እኔ አስጠጓት። ወዲያው እንዳላየ ሆነው ወደ መቅደላ ተመለሱ፤ ወሎዬ አስተናጋጅ እንግዳውን አፍጥጦ አያሳፍርም።

ጋሼ፦ የንጉሡ ልጅ ነገር ነው የሚያንገበግበኝ። ሰባት ዓመት ሆኖት ወሰዱት።

እኔ፦ 18 ዓመቱ ላይ፣ እ.ኤ.አ. በ1879 ሊድስ ሞተ። ዊንዘር ቀበሩት።

ጋሼ፦ አጽሙ ይመለስልን ተብሎ ተጽፏል አሉ።

እኔ፦ እ.ኤ.አ. በ2007 ፕሬዚዳንት ግርማ ወልደጊዮርጊስ ለንግሥት ኤልሳቤጥ ጽፈው ነበር።

ጋሼ፦ ደረሰ?

እኔ፦ ደርሷል።

ጋሼ፦ መልሱስ?

እኔ፦ ዘመዶቹም ጠይቀው፣ እ.ኤ.አ. በ2023 ቤተ መንግሥቱ እንደማይሆን አስታወቀ። አጠገቡ የተቀበሩትን ብዙ ሰዎች ሳይነኩ የእሱን አጽም ማውጣት አይቻልም ነው ምክንያቱ። ልዑል ዓለማየሁ ዛሬም ዊንዘር ነው።